የላሳሮ አንሶላ

በሠርግ ቤት ከካሜራማን በላይ ሥልጣን ያለው ፍጡር የለም። በሙሽራዋ ላይ እናቷ ታዛለች፤ በእናቷ ላይ ዘመድ ያዛል፤ በዘመድ ላይ ሆዱ ያዛል። በካሜራማኑ ላይ ግን የሚያዝ የለም። "ቁሙ" ሲል ሽማግሌ ይቆማል። "ሳቁ" ሲል አማት ትስቃለች። "እንደገና" ሲል ሙሽራው ለሦስተኛ ጊዜ ከመኪና ይወርዳል። ኬክ ሰባት ጊዜ የተጎራረሱ ባልና ሚስት አውቃለሁ፤ ስኳራቸው የጀመረው ያን ዕለት ነው ይባላል።

ከሁሉም የሚያስፈራው ደግሞ የጠረጴዛው ዙር ነው። ካሜራማኑ የመኪና መብራት የሚያህል ነገር አብርቶ ጠረጴዛ በጠረጴዛ ይዞራል፤ እያንዳንዱ እንግዳ ፊቱ ይቀረጻል። ቪዲዮው ወደ አገር ቤት ስለሚሄድ፣ እዚያ ያለው ዘመድ ማን እንደመጣና ማን እንደቀረ ቁጭ ብሎ ይቆጣጠራል። መብራቱ የሚደርሰው ግን ሁሌም ልክ ጉርሻው አፍ ውስጥ ሲገባ ነው። እኔ በሲያትልና በአካባቢዋ በአሥራ አንድ የሠርግ ቪዲዮ ውስጥ አለሁ። በአሥራ አንዱም ጉንጬ ሙሉ ነው። የልጅ ልጆቼ ወደፊት አያታቸው በሕይወቱ ሙሉ አንድ ትልቅ ጉርሻ ሲያኝክ የኖረ ይመስላቸዋል።

የሲያትሉ የኮሎምቢያ ሲቲ ሰፈር ካሜራማናችን በሥልጣን ረገድ ከእነዚህ አያንስም። አሠራሩ ግን ሌላ ነው። ሲጀመር ሐበሻ አይደለም፤ ኩባዊ ነው። እኔ ክቡር ሊቀ ካሜራ ላሳሮ እለዋለሁ። ማዕረጉን የሰጠሁት ራሴ ነኝ፣ እስካሁን የተቃወመ የለም። ስድሳ ስምንት ዓመቱ ነው፤ በየበሩ ጎንበስ ሳይል አይገባም፤ ጫማው ኮቴው እንዳይሰማ ሁልጊዜ ጎማ ነው። ካሜራውን በቀኝ እጁ፣ በሥርዓት የታጠፈ ነጭ የአልጋ አንሶላ በግራ ብብቱ ይዞ ይገባና አዳራሹ መሀል ቆሞ በአማርኛ ያውጃል፦

"አትዩኝ። እኔ የለሁም።"

ያን ጊዜ ሦስት መቶ ሰው ዞሮ ያየዋል።

አማርኛውን ያስተማረችው ሚስቱ ሲስተር ደስታነሽ ናት። በደርግ ጊዜ ለትምህርት ወደ ኩባ ከተላኩት ልጆች አንዷ ነበረች፤ እዚያው አድጋ እዚያው ነርስ ሆነች። አንድ ቀን እሱ ሆስፒታሏን ሊቀርጽ መጣ። ቀኑን ሙሉ እጇ ፋሻ ሲጠቀልል ቀርጾ፣ ፊቷን አንዴም ሳያነሳ ሄደ። "ሌላው ወንድ መልክ አይቶ ነው የሚጠይቀው፤ ይኼ በፋሻ አጠቀላለሌ ነው ያገባኝ" ትላለች። ኋላ ዲቪ ደረሳትና ይዛው መጣች። እኔ እንግዲህ ሲያትል ውስጥ ስንት ኩባዊ እንዳለ አላውቅም። ይኼኛው ግን የእኛ ነው፤ ማንም አይነካብንም።

ታሪኩን እሱ ራሱ ሲነግረን አጭር ነው። በአሥራ ሰባት ዓመቱ ለዜና ቀራጮች ባትሪ ተሸካሚ ሆነ። ከዚያ ረዳት፣ ከዚያ ዋና። በሠላሳ ዓመት ውስጥ አሥራ አንድ ፊልም ሠራ። "ፊልም እዚያ እንደ ስኳር በራሽን ነበር" ይላል። ለአሥር ደቂቃ ታሪክ አሥራ ሁለት ደቂቃ ጥሬ ፊልም ይሰጠዋል። ስለዚህ ተዋናዮቹ ወር ሙሉ ይለማመዳሉ፤ ቀረጻው ግን አንዴ ብቻ ነው። ሁለተኛው የታወቀ ቃሉ ከዚያ የመጣ ነው፦ "ዳግም የለም።" እስቲ አስቡት፤ "እንደገና" ከሚሉ ካሜራማኖች መሀል "ዳግም የለም" የሚል አንድ ሰው። ባለፈው ዓመት አንድ ሙሽራ ኬኩን ሚስቱን ሊያጎርስ ሲል አፍንጫዋ ላይ ለጠፈው። "ጋሽ ላሳሮ፣ ይቺን ብንደግማትስ" አለ። ዳግም አልነበረም። ሙሽራዋ እስካሁን በቪዲዮው ላይ ባለነጭ አፍንጫ ናት፤ ባልና ሚስቱ በተጣሉ ቁጥር እሱን ከፍተው አይተው ይታረቃሉ አሉ።

አንሶላውም ታሪክ አለው። ኩባ እያለ መብራት ሲጠፋ የእናቱን አንሶላ ከአልጋ ገፎ መስኮት ፊት ለፊት ይወጥርና የፀሐዩን ብርሃን ወደ ተዋናዩ ይመልሰው ነበር። ያን ሰሞን እናቱ ያለ አንሶላ ነው የተኛችው። የሀቫና ፀሐይ እኩለ ቀን ላይ ዓይንን ጉድጓድ ያስመስላል ይላል፤ ስለዚህ ዕድሜውን ሙሉ ጥላ ሲያሳድድ ኖረ። ደጃፍ ሥር፣ በረንዳ ሥር፣ ግማሹ ፊት ብርሃን ግማሹ ጨለማ። እዚህ አንድ ሠርግ ላይ አንዱ እንግዳ "ጨለመብን እኮ፣ መብራት አብራ" ሲለው ቅር ብሎት "ጨለማ ምን አደረገህ?" አለው።

ለዚህ ሰው ሲያትል ጀነቱ ናት። እኛ ከጥቅምት ጀምሮ ቫይታሚን ዲ እየዋጥን ሰማይ ሰማይ ስናይ፣ እሱ ሠርካለም ካፌ በር ላይ ቆሞ ደመናውን እንደ ባለርስት ይመለከታል።

"አንሶላ ነው" ይላል። "ከዳር እስከ ዳር የተወጠረ። ከተማው በሙሉ ስቱዲዮ ነው።"

"ጋሽ ላሳሮ" አለችው ባለካፌዋ ሠርካለም አንድ ጠዋት፣ "ይኼን ሰማይ የሚወዱት እርስዎና ጃንጥላ ሻጩ ብቻ ናችሁ።"

"እዚህ ከተማ ጃንጥላ የሚይዝ የለም።"

"እንግዲያው እርስዎ ብቻ ነዎት።"

የፊልም ማኅበር ነን የሚሉ ወጣቶች አንዱን የድሮ ፊልሙን ከየት እንዳገኙት እንጃ፣ አንድ እሑድ ከሰዓት በትንሽ አዳራሽ ሊያሳዩ ጠሩት። ሲስተር ደስታነሽ ሰፈሩን አስተባበረች፤ ሃያ እናቶች ነጠላቸውን ለብሰው ሁለተኛውን ረድፍ ያዙ። ፊልሙ ጥቁርና ነጭ ነው። አንድ ዓሣ አጥማጅ መረቡን ይጠግናል። ይጠግናል። ይጠግናል። አጠገቤ የተቀመጡት እትዬ ባየሽ በሃያኛው ደቂቃ "ልጄ፣ የሞተው ማን ነው?" አሉኝ። "ገና ማንም አልሞተም" አልኳቸው። በመጨረሻ ስሞቹ ሲያልፉ የላሳሮ ስም ለሦስት ሴኮንድ ያህል ታየ። የሃያ እናቶች እልልታ አዳራሹን ሲሞላው የማኅበሩ ልጆች የእሳት አደጋ ደወል መስሏቸው ብድግ አሉ። ላሳሮ መጨረሻው ረድፍ ላይ ጎንበስ ብሎ መነጽሩን ይጠርግ ነበር። ስንዞር "አትዩኝ" አለን።

እስከዚህ ድረስ የሌላ ሰው ነገር ነበርና መሳቅ ቀላል ነበር። ከዚያ ልጄ ሐያ ልታገባ ሆነ።

ባለቤቴ ፈሪዳ ገና ቀኑ ሳይቆረጥ "ከሊንውድ ካሜራማኑ ወንድምአገኝ ይምጣ" አለች። "ድሮን አለው፣ ጭስ አለው፣ የሙሽራዋን ስም በእሳት ይጽፋል።"

"የእኛዋ ሁለት ፊደል ናት፤ ጋዙም አያልቅበት" አልኩ። ቀልዱ እንደማይያዝልኝ እያወቅሁ ነው።

ሐያ ግን ቆርጣለች። "አባ፣ እሱ አርቲስት ነው፣ ኦኬ? ላሳሮ ካልሆነ ቪዲዮ አልፈልግም።"

ቪዲዮ የሌለበት ሠርግ ደግሞ አይሆንም። ምክንያቱ እናቴ ናት። እናቴ ደሴ፣ ሸዋበር ነው የምትኖረው፤ ሰማንያ አራት ዓመቷ ነው። ቪዛ ሁለት ጊዜ ተጠይቆላት ሁለቴም አልተሳካም። ሁለተኛው እንደወደቀ ስነግራት "እግሬ ካልመጣ ዓይኔ ይምጣ" አለችኝ። "ሁሉን አሳየኝ፤ ማን እንደመጣ፣ ማን እንደቀረ፣ ማን እንዳኮረፈ። ያባትህን ቤት የመጀመሪያ ሠርግ በወሬ እንዳልሰማው።" እኔም እዚያ የነበርሽ ያህል አድርጌ እልክልሻለሁ ብዬ ወላሂ አልኩ። ወላሂ ማለት በእኛ ቤት ቀልድ አይደለም።

ስለዚህ ላሳሮን ካፌው ድረስ ሄጄ ለመንኩት።

"ጋሽ ላሳሮ፣ አንድ ጊዜ ብቻ የጠረጴዛውን ዙር አድርግልኝ። ለእናቴ ነው።" አንተ የምለው በድፍረት አይደለም፤ አንቱ ካሉኝ ካሜራው ይከብደኛል ብሎ የከለከለን እሱ ነው። የሠርካለም እርስዎታ ብቻ አልለቅ ብሎታል።

"እናትህ ሰዎቹን ታውቃቸዋለች?"

"ምን ማለትህ ነው፤ ግማሾቹን ያሳደገቻቸው እሷ ናት።"

"እንግዲያው ፊት ምን ያደርግላታል? መጂድ፣ ፊት ይዋሻል። እጅ አይዋሽም።"

"ጋሽ ላሳሮ፣ እናቴ የእጅ ሐኪም አይደለችም።"

ትከሻውን ነቀነቀና ማኪያቶውን ጠጣ። ዝምታውን እሺ ነው ብዬ ወሰድኩት። ሞኝ ነበርኩ።

ሠርጉ በጥቅምት፣ ቅዳሜ ከሰዓት፣ ቢከን ሂል ላይ ረጃጅም መስኮት ባለው አዳራሽ ሆነ። ላሳሮ እንደገባ አትዩኝ ብሎ አወጀና የተከራየነውን ባለቀለም መብራት በሙሉ አጠፋው። ፈሪዳ በጆሮዬ "ሠርግ ነው ወይስ ለቅሶ?" አለች። ታላቅ ወንድሜ አሕመድ ለጠረጴዛው ዙር ሲል ፀጉሩን ተቆርጦ፣ አዲስ ክራቫት አስሮ፣ የፊተኛው ጠረጴዛ ላይ ጎኑን አስተካክሎ ተቀምጧል። ላሳሮ ሲጠጋው አንገቱን አቀና፣ ፈገግ አለ። ላሳሮ ግን በርከክ ብሎ ከጠረጴዛው በታች አሕመድ ሳምቡሳ በሶፍት ጠቅልሎ ወደ ኪሱ ሲያስገባ ቀረጸው። ከዚያ ተነሥቶ ሄደ። አሕመድ ፈገግታውን የሚያወርድበት ጠፍቶት አምስት ደቂቃ ያህል እንዲሁ ቀረ።

የዐሱር ሶላት ሰዓት ደረሰ። ምንጣፉ አልበቃ ሲል አንዱ ወንበር ላይ በሥርዓት የታጠፈ ንጹሕ ነጭ አንሶላ አየ። "ማሻ አላህ፣ ባለሠርጎቹ አስበውበታል" ብሎ መስኮቱ ሥር ዘረጋው። ላሳሮ አንሶላውን ፈልጎ ዞር ሲል አምስት ሰው ግንባሩን ደፍቶ ሱጁድ ላይ ወድቆበታል። በሕይወቴ ያንን ሰው ያቆመ ነገር ያየሁት ያን ዕለት ብቻ ነው። ሶላቱ ካለቀ በኋላም ሼኹ "ቦታው ንጹሕ ነው፣ ኒካሑን እዚሁ እንሰር" አሉ። ማንም ሳይነሣ እኔና ሙሽራው ሰላሁዲን ጉልበት ለጉልበት ገጥመን አንሶላው ላይ ተቀመጥን፤ ቀኝ እጅ ለቀኝ እጅ ተጨባበጥን። ከመስኮቱ የገባው የደመና ብርሃን አንሶላው ላይ ያርፍና ተመልሶ ከሥር ወደ ላይ ወደ እጆቻችን ይመጣል። ላሳሮ አንሶላዬን አላለም። ጫማውን አውልቆ ቀረብ አለ፤ አትዩኝም አላለም።

ሼኹ "በል" አሉኝ።

"ልጄን ሐያን…" አልኩ።

ከዚያ ወዲያ ያለው ቃል ጠፋ። ሠላሳ ዓመት በየካፌው ሰውን በአፌ ሳስቅ የኖርኩ ሰው ነኝ፤ ለሌላው ሠርግ ንግግር የምለምነው የለኝም፣ እኔን ነው የሚለምኑኝ። አንድ ዐረፍተ ነገር መጨረስ አቃተኝ። ሰው አሳለ። አሕመድ ከኋላዬ "ሰጥቻለሁ በል እንጂ፣ ልጁ እኮ ሊሄድ ነው" ብሎ አንሾካሾከ። እኔን ብትጠይቁኝ አንድ ሰዓት ዝም ብያለሁ፤ ቪዲዮው አርባ አንድ ሴኮንድ ነው ይላል። በመጨረሻ ወጣልኝ። ሰላሁዲን "ተቀብያለሁ" ያለበት ፍጥነት ሐሳቤን እንዳልቀይር የፈራ ሰው ፍጥነት ነበር።

እንዳለቀ ላሳሮን ወደ ኮሪደሩ ሳብኩት።

"ያችን ዝምታ ቁረጥልኝ። ወይም እንድገመው፤ ሼኹም ገና አልሄዱም።"

"ዳግም የለም።"

"ጋሽ ላሳሮ፣ እናቴ ናት የምታየው። ልጄ ምን ሆነ ብላ ትደነግጣለች። ሸዋበር በሙሉ ይስቅብኛል።"

ያን ግዙፍ እጁን ትከሻዬ ላይ አሳረፈው። "መጂድ፣ እኔ የለሁም። አንተ ግን ነበርክ።" ብሎኝ ተመልሶ ገባ።

ቪዲዮው በሁለት ሳምንት ደረሰ። ሠላሳ ስምንት ደቂቃ ነው። ጥቁርና ነጭ ነው። ፈሪዳ ሦስት ወር የመረጠችው አረንጓዴ ቀሚስ ግራጫ ሆኗል፤ "ቀሚሴን የት አደረሰው?" እያለች ሁለት ጊዜ መልሳ አየችው። የጠረጴዛ ዙር የለም። ያለው እጅ ነው። ሂና የተቀባ እጅ፣ ሰሃን የሚያቀብል እጅ፣ የልጅ እጅጌ የሚያስተካክል እጅ፣ በር ላይ የተከመረ ጫማ፣ ጀርባ፣ ትከሻ። ከዚያ አርባ አንድ ሴኮንድ ሙሉ አንሶላው ላይ ያለሁ እኔ፣ ከደረት በታች፣ ዝም።

ይኼን ለእናቴ ልልክ? ወንድምአገኝ ጋ ኮል አደረግሁና እንግዶቹን በሙሉ በዚያው ልብሳቸው መልሼ ብሰበስብ የጠረጴዛ ዙር ያነሳልኝ እንደሆነ ጠየቅሁት። ፈሪዳ ሰምታ "ልጅቷን እንደገና ልትድራት ነው?" አለች። እኔ ስብሰባውን በማሰብ ላይ እያለሁ ሐያ ስልኳን እያየች ገባች።

"አባ፣ ለእማማ ሴንድ አደረኩላት እኮ። ትናንት።"

ሦስት ቀን ከደሴ ድምፅ ጠፋ። ሦስት ቀን ሻይ አልጣፈጠኝም። ወላሂ ብዬ እጅ ላክሁላት፤ በሰማንያ አራት ዓመቷ። በአራተኛው ቀን ጠዋት ደወለች።

"እማዬ፣ ፊት የለውም አይደል" አልኩ ገና ሰላም ሳልላት። "ሰውዬው ግትር ነው…"

"ፊት ምን ያደርግልኛል?" አለችኝ። "ፊታችሁንማ በየጁምዓው በስልክ አየዋለሁ። ሁላችሁም ጥርሳችሁን አሳይታችሁ ደህና ነን ትሉኛላችሁ። አሁን ነው ያየኋችሁ።"

ከዚያ ጀመረች። ሳምቡሳውን በሶፍት የሚጠቀልለው አሕመድ ነው፤ ከልጅነቱ እንዲያ ነው፤ አላህ ያጥግበው። ያቺ አንድም ሰሃን ያላነሣች፣ እጇን አጣምራ የቆመችው እህትህ ናት፤ ምን አድርገሃት ነው ያኮረፈችው? የፈሪዳ እጅ ደርቋል፤ ሥራ በዝቶባታል፤ ቅባት ግዛላት፣ አንተም ሰሃን እጠብ። ሙሽራው እጁ ይንቀጠቀጣል፤ ደግ ነው፤ የማይንቀጠቀጥ አማች አልወድም። አንድ ሰው አልቀራትም። ከሦስት መቶው ውስጥ የምታውቃቸውን በሙሉ በእጃቸውና በጀርባቸው ለቅማ ጠራቻቸው።

"ያ ዝም ያልክበት…" አለች።

"ቃሉ ጠፍቶብኝ ነው፣ እማዬ። አትቀየሚኝ።"

"አውቃለሁ። ግራ እጅህን አየሁት።"

አባቴ ልብስ ሰፊ ነበር። ልብስ ሰፊ ክሩን ሲቋጥር በአውራ ጣቱና በጠቋሚ ጣቱ መሀል ያሸዋል። እናቴ እንደነገረችኝ የእሷና የእሱ ኒካሕ ሲታሰር አባቷ ፊት ተቀምጦ ቃል ጠፋው፤ ያን ጊዜ ግራ እጁ ጉልበቱ ላይ ሆኖ፣ የሌለ ክር ሲቋጥር ነበር። እኔ እንዲያ እንደማደርግ አላውቅም ነበር። የነገረኝም የለም፤ ሰው አፌን እንጂ እጄን አይቶ አያውቅም። ቪዲዮውን ከፍቼ አየሁት። አርባ አንዱን ሴኮንድ ሙሉ ጣቴ የሌለ ክር ይቋጥራል።

"ከሞተ ሠላሳ ዓመቱ ነው፤ ፎቶውም ደብዝዞብኛል" አለችኝ እናቴ። "መጥቶ ነበር ለካ። ጎረቤቴን እንደገና አጫውቺልኝ አልኳት። ሰባት ጊዜ አጫወተችልኝ።"

ለላሳሮ ስነግረው ካፌው ውስጥ አንሶላውን ያጥፍ ነበር። የሠርጉ ዕለት የጉልበታችን እጥፋት አሁንም ይታይበታል፤ ሲስተር ደስታነሽ ልትተኩሰው ብትል ከልክሏታል። ሰባት ጊዜ የሚለውን ሲሰማ ቀና አለ።

"ዳግም የተመልካች ነው" አለኝ። "የእኛ አይደለም።" ከዚያ የአንሶላውን አንድ ጫፍ ወደ እኔ ዘረጋው። "ያዝ።"

ይኸው በየሠርጉ እስከ ዛሬ ይዣለሁ። እንግዲህ በሚቀጥለው ቅዳሜ ሬይነር ጎዳና ላይ ያለ አዳራሽ ገብታችሁ፣ አንድ ወፍራም ሰው የነጭ አንሶላ ጫፍ ወጥሮ መስኮት ሥር ሲያልበው ብታዩ፣ ሁለት እጁ ስለተያዘ በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ሠርግ ላይ ጉንጩ ባዶ ሆኖ ብታገኙት፣ ደንገጥ አትበሉ፤ ሰላምም አትበሉት።

አትዩኝ። እኔ የለሁም።